ፖሊሱን ይዘን ለቅሶ የሄድን ቀን

ከዚህ በፊት ምንም ጽፌ አላውቅም። ስድስተኛ ክፍል ላይ ካቋረጥኩ ወዲህ በእጄ የጻፍኩት ቢኖር ካርቶን ላይ የስኳርና የሳሙና ዋጋ ነው። ሰው ፊት መናገርም አይሆንልኝም። ይህን ግን ልጻፈው አልኩ፣ እትዬን ስለምወዳቸው።

እትዬ ዲላ ገበያው አጠገብ ሱቅ አላቸው። እኔ ከጪጩ መጥቼ እሳቸው ዘንድ ነው የምሠራው። ደንበኞች በዝምታዬ ሲቀልዱ፣ "ሚዛንም አይናገርም፣ ሥራውን ግን ይሠራል" ይሉልኛል።

ሥራ የቀዘቀዘ ጊዜ ከአንድ አራጣ አበዳሪ ብር ወሰዱ። ሰውየው የሰፈራችን ነው፣ ዕድራችንም አንድ ነው። የከፈሉት ሁሉ ወለድ ነው እየተባለ ዋናው አልቀንስ ሲል ተካሰሱ። አንድ ጠዋት ስንመጣ የሱቁ በር ላይ የእኛ ያልሆነ ጓጉንቸር ተንጠልጥሏል። በሩ ላይ የቆሙ ሁለት ጎረምሶች፣ "ሱቁ የጋሼ ነው" ብለው እትዬን ገፈተሯቸው። ፍርድ ቤቱ ሱቁን አስከፈተላቸው፤ ክርክሩ እስኪያልቅም ሰውየው እንዳይጠጋቸው፣ ፖሊስ እንዲጠብቃቸው አዘዘ።

የተመደበው ከወናጎ የመጣ ወጣት ነው። የመጀመሪያ ቀን በሩ ላይ ቀጥ ብሎ ሲቆም ደንበኛው ሁሉ አይቶት ወደ ማዶው ሱቅ ተሻገረ።

"አንተ ልጅ" አሉት እትዬ፣ "ያ በጓጉንቸር ዘጋብኝ፣ አንተ ደግሞ በደረትህ ልትዘጋብኝ ነው?"

ሣቀ። ከዚያ ወዲህ የለስላሳ ሳጥን ላይ ቁጭ ብሎ ነው የሚጠብቀው። ዘይት ለገዙ እናቶች ጀሪካናቸውን ባጃጅ ላይ ይጭንላቸዋል። እኔን ሰላም ሲለኝ ግን መደርደሪያ መወልወል እጀምራለሁ።

በዚህ መሃል የአበዳሪው እናት ሞቱ። እትዬ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ሱቁን ዝጊ አሉኝ።

ፖሊሱ ከሳጥኑ ተነሣ። "ማዘር፣ ወዴት ነው?"

"ለቅሶ።"

"እሱ ቤት? የሄዱበትን ሁሉ እኮ ለአለቃዬ እናገራለሁ። ቤቱ ድረስ ሄዱ ከተባለ፣ ዳኛው 'ካልፈራች ጥበቃው ለምኗ ነው?' ብሎ ያነሣዋል። ጥበቃው ተነሥቶ እኔ ከሄድኩ ደግሞ በማግስቱ ሱቁን ይዘጉብዎታል።"

እትዬ ከሱቁ ሌላ መተዳደሪያ እንደሌላቸው አውቃለሁ።

"አራስ ሳለሁ ገንፎ ያጎረሱኝ እናቱ ናቸው" አሉ። "ብሩን ያበደረኝ ልጃቸው ነው፣ እሳቸው ምን አበደሩኝ? ፈርታለች ብለህ ንገርልኝ። ፈርቼ ነው የምሄደው። ትመጣለህ ወይስ አትመጣም?"

"ምን ምርጫ አለኝ? ትእዛዝ ነው።"

ሦስታችን በአንድ ባጃጅ ሄድን። ድንኳኑ ውስጥ ስንገባ ወሬው ጸጥ አለ። እትዬ ከሴቶቹ ጋር አለቀሱ፣ እኔ ከኋላቸው ተሸጎጥኩ። ፖሊሱ ውጭ ዝናብ ላይ መቆሙን ያዩ የዕድሩ ሰዎች ጎትተው አስገቡት፤ ንፍሮም በሳህን ሰጡት። ያስቀመጡት እትዬን ከገፈተሩት ጎረምሶች አንደኛው አጠገብ ነበር። ሁለቱም አንገታቸውን ደፍተው ንፍሯቸውን ይለቅማሉ።

ድንገት አበዳሪው ተነሥቶ ወደ እትዬ መጣ። ፖሊሱ ብድግ ሲል ንፍሮው መሬት ላይ ተበተነ። መሃላቸው ገብቶ ቆመ።

"ጋሼ፣ እግዚአብሔር ያጽናናዎት" አለ። "ግን አይጠጉ።"

አበዳሪው በፖሊሱ ትከሻ ላይ አሻግሮ እትዬን አያቸው። ዓይኑ አብጧል። "እናቴ ትወድሽ ነበር" አላቸው። "ከክሱ ግን አልመለስም።"

"እኔም አልመለስም" አሉ እትዬ። "እግዜር ያጥናህ።"

አበዳሪው ተመልሶ ተቀመጠ።

ባጃጅ ይዘን ተመለስን። እኔ የፈራሁት ፖሊሱ ለአለቃው የሚናገረውን ነበር። ሱቁ በር ላይ ስንወርድ፣ እንዴት እንደደፈርኩ እንጃ፣ ዓይኑን እያየሁ "ምን ብለህ ልትናገር ነው?" አልኩት።

ቆቡን አውልቆ ውኃውን አራገፈ።

"ያየሁትን ነዋ። ሊጠጋቸው መጣ፣ መለስኩት፣ ጥበቃው ያስፈልጋቸዋል እላለሁ። ጠዋት እመጣለሁ። ያንን የበርበሬ ጆንያ ግን ከበሩ ዞር አድርጊልኝ፣ ቀኑን ሙሉ ሲያስነጥሰኝ ነው የሚውለው።"