የሙጂብ ሽማግሌዎች

ዝምታ ወርቅ ነው ይላሉ፤ የልብስ ሰፊው የሙጂብ ግን መጠኑን አልፎ ነበር። ሠላሳ አራት ዓመት ሞልቶት ሴት ፊት ምላሱ ይተሳሰራል። ከሚሴ ዋናው መንገድ ዳር፣ በረንዳ ላይ ከስፌት መኪናው ጀርባ ተደብቆ ይውላል። ዘመድ የለውም፤ የባጃጅ ሾፌሮቹ እያሾፉበት ቀኑን ያሳጥሩለታል።

ከጎኑ ቅመም የምትሸጠው ረቢአ ከባቲ የመጣች ናት፤ እሷም ወላጅም ወንድምም የላትም። አንድ ቀን ቀሚስ ልታሰፋ መጣች። ሙጂብ ሜትሩን ወደ ትከሻዋ ማስጠጋት ቢያፍር በዓይኑ ለካት። ዓይኑንስ መቼ ቀና አደረገና! ቀሚሱ ሁለት ሰው የሚይዝ ሆነ።

«ይኼ ለኔ ነው ወይስ ለኔና ለጎረቤቴ?» ብላ ሳቀች።

ቢያጠበው ደግሞ ካንገቷ አልወርድ አለ። በሦስተኛው ጊዜ አሮጌ ቀሚሷን አምጥታ «በዚች ይለኩ» አለችው። ሙጂብ ቀሚሷን ፊቱ ዘርግቶ ሥራ ፈትቶ ዋለ። ወደዳት፣ በቃ።

በነጋታው የሰፈሩ አዛውንት ሐጂ አደም ዘንድ ሄደ። «አባባ፣ ሽማግሌ ሆነው ረቢአን ይጠይቁልኝ።»

«አልችልም፣ ኢልመኮ፣ የኔ ልጅ» አሉት።

«ሰው ቀደመኝ?»

«ትናንት መጥታ ሳገባ ለኒካሕ የሚቆምልኝ የለም፣ አባት ይሁኑኝ አለችኝ። እሺ አልኳት። ታዲያ ልጄን ከራሴ ልለምን?»

«ማን ሊጠይቃት ነው?»

«እኔም ይህንኑ ብጠይቃት፣ ‹ያ ቀሚስ አበላሺ! ግን በአያያዙ ሳረጅ ነው የሚመጣ› አለች።»

ሙጂብ እየሮጠ ወጣ። ሌላ ሰው የለውምና ወደ ባጃጅ ሾፌሮቹ ሄደ። ከእነሱ ሦስቱ ኮፍያ ተዋውሰው፣ ጢም ያለውን አስቀድመው ሐጂ ቤት ገቡ፤ ሙጂብ ደጅ ቀረ። «መልስ ሳናገኝ አንቀመጥም» አሉ እንደ ትልቅ ሰው።

ሐጂ ሳቃቸውን ዋጥ አድርገው እንደ ወጉ፣ «ዘመድ ላማክር፣ ጁምዓ ተመለሱ» አሉ።

ልጅቱ በወጉ ዝም ማለት ነበረባት። ረቢአ ግን፣ ሐጂ አስጠርተዋት ኖሮ፣ ከመጋረጃው ጀርባ፣ «አባባ፣ ዘመዴ አንቱ ብቻ ነዎት፤ ከማን ጋር ሊማከሩ ነው?» አለች።

ሾፌሮቹ ሽምግልናቸውን ረስተው በሳቅ ፈረሱ። ሐጂ ዓይናቸውን ጠረጉ። «እንግዲያው ተማክሬያለሁ፣ ሰጥቻለሁ» አሉና እጃቸውን ለዱዓ ዘረጉ።

ከሁሉ ቀድሞ፣ ከሁሉም ጮክ ብሎ «አሚን!» ያለው ደጅ የቆመው ሙጂብ ነበር።