ደንገጎ የከረመው ናርሲስ

ከድሬዳዋ ሙቀት ጋር እልህ የተጋባሁት አሥር ዓመት እንኳ ሳይሞላኝ ነው። በጃንሆይ ጊዜ ከዚራ በሚባለው ሰፈር ውስጥ ማዳም ካቲና የምንላት ግሪካዊት ነበረች፤ እናቴ ልብስ ትሰፋላት ስለነበር ቤቷ ስገባ ማንም አይከለክለኝም። ባሏ እኔ ሳልወለድ ሞቶ እዚያው ድሬዳዋ ተቀብሯል። በሕይወት ሳለ ያገሩን ናርሲስ፣ ዛሬ ዳፎዲል የሚሉትን ቢጫ አበባ፣ ግቢው ውስጥ ለማየት ሲመኝ ኖሯል። እሷም አንድ ቀን አበባውን መቃብሩ ላይ ልታስቀምጥለት ቃል ገብታለች። ግሪክ ያለች እህቷ የአበባውን ሽንኩርት የሚመስል ራስ በየዓመቱ ትልክላታለች፤ ትተክለዋለች፤ ቅጠል ብቻ። በዚያ ዓመት ደግሞ መጋቢት ላይ ቤቷን ዘግታ ላገሯ ልትገባ ነበር። መስከረም ላይ የመጨረሻዎቹን ስድስት ራሶች ሰጥታኝ፣ «ብርድ ይፈልጋል ልጄ፤ እዚህ አይሆንም» አለችኝ። እኔ ፊት ደግሞ አይሆንም አይባልም።

ሦስቱን ግቢያችን ውስጥ የኒሙ ዛፍ ጥላ ስር ተከልኩ። ችግሩ እኛ ድሬዎች ለሞቀ ነገር ሁሉ የምናውቀው መድኃኒት አንድ ነው፤ ውሃ መርጨት። ከቀትር እንቅልፍ የተነሳ ሁሉ ግቢውን ይረጫል፣ ደጁን ይረጫል። አበባዬ ብርድ እንደሚፈልግ ስናገር ቤተሰቡ በሙሉ አዘነለት። አባቴ ከባቡር ጥገና ሥራው ሲገባ አንድ ባልዲ፣ ወንድሜ አንድ ባልዲ፣ እናቴ ስፌቷን አቁማ አንድ ጣሳ፣ እኔም የድርሻዬን። በሦስተኛው ሳምንት ቆፍሬ ሳያቸው እንደተቀቀለ ድንች ፈርሰው ሸተቱ። አለቀስኩ፤ ከሐዘኑ ይልቅ ንዴቱ ነበር የባሰብኝ።

ጠዋት ጠዋት ወተት የምታመጣልን አዴ ሀሊማ የደንገጎ ሰው ነበረች። ደንገጎ ከኛ በላይ፣ በሐረር መንገድ ያለ ጉም የማይለየው ተራራ ነው፤ ወፍራም ፎጣዋን የምታወልቀው እኛ ግቢ ስትደርስ ነው። እናንተ ጋ ብርድ አለ ወይ ብዬ ጠየቅኳት። «ብርድማ ሞልቷል፤ የሚፈልገው ባገኝ ከወተቱ ጋር አወርደው ነበር» ብላ ሳቀች። የቀሩትን ሦስቱን በጆንያ ቋጥሬ፣ እስከ ገና ቤቷ አክርማ እንድትመልስልኝ አስማልኳት። ከዚያ ወዲያ ወተቱን ሳልቀበል ስለ እነሱ ነበር የምጠይቃት።

ገና አለፈ፤ ጆንያው አልመጣም። አዴ ሀሊማ መሬት መሬት እያየች፣ «ቡቃያ አውጥቶ ጆንያ ውስጥ ሲታፈን አንጀቴ አልቻለም፤ ጓሮዬ ተከልኩት» አለችኝ። ሦስት ቀን አኮረፍኳት። እኔ የፈለግኩት የእኔ ግቢ፣ የእኔ እጅ እንዲባል ነበር። እናቴ ከስፌቷ ቀና ሳትል፣ «የምትፈልጊው አበባውን ነው ወይስ ምስጋናውን?» ብላ አሳፈረችኝ። በአራተኛው ቀን አዴ ሀሊማን ይቅርታ ጠየቅኳት፤ ውሃ እንዳታበዛበትም አደራ አልኳት።

የማዳም ባቡር ሊሄድ ሁለት ቀን ሲቀረው አዴ ሀሊማ ሁለት ቢጫ አበባ በእርጥብ ጨርቅ ጠቅልላ ይዛልኝ መጣች። እጇን ይዤ ከዚራ ድረስ አስሮጥኳት። ማዳም በሩ ላይ አፏን በእጇ ይዛ ቆመች። «ከግቢሽ ነው?» አለችኝ። አዎ ማለት ምን ያህል እንዳማረኝ እኔ ነኝ የማውቀው። «እሷ ናት ያበቀለችው» አልኩ፣ አዴ ሀሊማን እያሳየሁ። ሦስታችንም መቃብሩ ጋ ሄድን። ማዳም አበባውን አስቀምጣ በግሪክኛ ብዙ አወራችው። አዴ ሀሊማ መዳፎቿን ዘርግታ ዱዓ አደረገችለት። እኔም የመቃብሩን ድንጋይ አቧራ ጠረግኩ።

ዛሬ ደንገጎ መላክ አያስፈልግም። ራሶቹን ፍሪጅ ውስጥ ከካሮቱ ጎን ሦስት ወር አቆይቼ በማሰሮ እተክላቸዋለሁ፤ ያብባሉም። ልጆቼ በስልካቸው ፎቶ ያነሱታል፣ ያምራል ይላሉ፣ ያልፋሉ። አዴ ሀሊማ ከሞተች ቆይቷል፤ ከማዳም ሁለት ደብዳቤ ደርሶኝ ነበር፣ ከዚያ ጠፋች። ጉልበቴም እንደ ድሮው አይታዘዘኝም። ቢሆንም በየዓመቱ የመጀመሪያው ሲፈካ ቆርጬ፣ ባጃጅ ተሳፍሬ መቃብሩ ጋ እሄዳለሁ። አንድም ቀን አይቼው የማላውቅ ሰው ነው፤ ግን ከኔ ሌላ የሚመጣለት የለም።