መርዶ የሸሸሁባቸው የጃፓን ፊልሞች

እኔ ፊልም ፊት የማውቀው ሥራ መተኛት ነው። እንዲህ ያለሁ ሰው በኮሮናው ዓመት፣ በረዶ ሲጀምር፣ የአንድ ጃፓናዊ የወንጀል ፊልም ዳይሬክተር ሥራዎች ሊቅ ሆንኩ።

የሠላሳ ዓመት ጓደኛዬ በስደት በምንኖርበት ከተማ መሀል፣ ዳውንታውን ሆስፒታል፣ በኮሮና ተኝቶ ነበር፤ ጠያቂ አይገባም። በዚያው ሰሞን ያሳደገችው እህቱ ደሴ ላይ አረፈች። የዕድራችን ሽማግሌዎች በስልክ ተመካከርን። መርዶ ለበሽተኛ አይነገርም፣ በስልክማ ጭራሽ፤ ሲወጣ በማለዳ ተሰብስበን እንነግረዋለን ተባለ። እስከዚያ በየቀኑ እየደወለ ወሬ የሚያስቀይስ ሰው ተፈለገ። በወሬ ማን ይበልጠኛል? እኔ ተመረጥኩ።

ጓደኛዬ በታብሌቱ የዚያን ዳይሬክተር ሥራዎች ከመጀመሪያው ጀምሮ በተርታ ያይ ነበር። እኔም ከከተማው ወጣ ብሎ ዎርዝንግተን ካለው ቤቴ ሆኜ፣ ቪዲዮ ኮል እያደረግን አብሬው አየሁ። ሰውዬው በወጣትነቱ የሠራው ሩጫና ተኩስ ነው። ሲጎለምስ ሩጫው ቀረና ጠረጴዛ ተከቦ የሚላብበት ምርመራ ሆነ። ሲያረጅ ገዳዩንም ተወው፤ ካሜራው መርማሪውን ተከትሎ የሟች ቤተሰብ በር ላይ ይቆማል።

"እንዳንተ ጉልበቱን ሲያመው በር ላይ መቆም ጀመረ" አለኝ ጓደኛዬ፣ በሳል መሀል።

"እኔ ባረጀሁ ቁጥር እያማረብኝ ነው።"

"ቪዲዮ ላይ መሆንህን ረሳኸው?"

በመጨረሻው ፊልም መርማሪው ጫማውን አውልቆ ይገባል፤ የሟች እናት ፊት ተንበርክኮ ዝም ይላል። ሴትዮዋ ገብቷታል። ጓደኛዬ ፊልሙን አቆመው። ኦክስጅኑ ሲያፏጭ ይሰማኛል።

"እህቴ ሁለት እሁድ አልደወለችም" አለ። "እናንተም ድምፃችሁ ሁሉ ለስልሷል። ሞታ ከሆነ ንገረኝ። ሳላለቅስላት እንዳልሄድ።"

"ኔትወርኩ አስቸገረ፣ አይሰማኝም" ብዬ ዘጋሁት። ጥርት ብሎ ነበር የሚሰማኝ።

በማግስቱ ልነግረው ቆርጬ ደወልኩ። ያነሳችው ነርሷ ናት። ሌሊቱን ብሶበት በማሽን እንደሚተነፍስ፣ ራሱንም እንደማያውቅ ነገረችኝ፤ ምናልባት ይሰማ ይሆናል ብላ ስልኩን ጆሮው ሥር ያዘችልኝ። ያን ጊዜ ነገርኩት። የሞተችበትን ቀን፣ የተቀበረችበትን ቤተ ክርስቲያን፣ ማን ማን እንደቀበራት፣ አንድም ሳላስቀር። የሚመልስልኝ ሰው ሲጠፋ አንደበቴ ተፈታ። ነርሷ ክንዷ እስኪዝል ያዘችልኝ።

በሦስተኛው ቀን ዓይኑን ሳይገልጥ አረፈ። አልቅሶላት እንደሆነ አላውቅም።