ያልገጠመ አጥንት

ኮተቤ ካለው ቤቴ የወሰዱኝ ጥርሴን ሳልቦርሽ ነው። ሦስት ሰዎች ነበሩ፤ አልጮኹም፣ እኔም አልጮኽኩም። ያሰሩኝ ክፍል ቀድሞ የዕቃ መጋዘን የነበረ ይመስላል፤ የመደርደሪያው ቡሎኖች ግድግዳው ላይ እንደተተከሉ ነበሩ። ከፍ ብላ በተሠራች አንዲት ጠባብ መስኮት የእንጦጦ ባሕር ዛፍ ጫፉ ብቻ ይታያል። ከሥሯ አንድ ሽማግሌ ፍራሽ ላይ በጀርባቸው ተንጋለዋል። አየር የሚገባው እዚያ ብቻ ነበር። ገና ሳልቀመጥ ቀናሁባቸው።

ሽማግሌው የእንጦጦ ሰው ናቸው፤ አጣና ነጋዴ። ከጭነት መኪና ላይ ወድቀው የወገብ አከርካሪያቸው ከተሰበረ በኋላ ነው የታሰሩት። የሚፈለገው ልጃቸው ነበር፤ እሱ ሲታጣ እሳቸው መጡ።

ሐሙስ ሐሙስ የፖሊስ ፒካፕ ሆስፒታል ይወስዳቸዋል። ለእኛ ይህ ሕመም ሳይሆን ዕድል ነበር። መገናኛን ያያሉ፣ የታክሲ ረዳት ሲጣራ ይሰማሉ። ሲመለሱ እንከባቸዋለን።

«ዛሬስ ምን አዩ፣ ጋሼ?»

«ምን አያለሁ? መንገዱ ያው መንገድ ነው።»

እኔ ያየሁትን በመጻፍ የኖርኩ ሰው ነኝ። ያ ሁሉ ከተማ በፊታቸው አልፎ አንዲት ወሬ ሳይዙ ሲመለሱ እበግን ነበር።

ሌላም የምቀናበት ሰው ነበር። ጉርድ ሾላ በሚገኝ ቢሮ ለውጭ አገር ሆስፒታሎች የሕክምና ኮድ ይሰጥ የነበረ ወጣት ነው። ሐኪም የጻፈውን የምርመራ ውጤት አንብቦ ወደ ቁጥርና ፊደል ይለውጣል። ክፍሉ ውስጥ ሳቅ ከተሰማ ምክንያቱ እሱ ነው። ምሳ ሲመጣለት ሁሉም ወደ እሱ ይጠጋል። የእኔን ፓስታ ቅመሱ ስል ጠግበናል ይሉኛል።

አንድ ሐሙስ ፒካፑ ቀረ። ሽማግሌው ኮታቸውን እንደለበሱ ዋሉ። ከሰዓት በኋላ መርማሪው በሩ ላይ ቆሞ ከሆስፒታል የተላከውን ወረቀት አነበበላቸው። «የአከርካሪ ስብራት፣ በመደበኛ ሁኔታ እየዳነ ያለ። እየዳኑ ነው አባባ፤ እዚሁ ያገግሙ።»

«ሐኪሙ እኮ አጥንቱ አልገጠመም ብሎኛል።»

«ወረቀቱ እንደዚያ አይልም።»

በዚያ ሰሞን ግራ እግራቸው መደንዘዝ ጀምሮ ነበር። ሽንት ቤት የምንወስዳቸው ለሁለት ሆነን ደግፈን ነው። መኪናው ከቀረ እግራቸውም አብሮ እንደሚቀር ሁላችንም ገብቶናል።

ወጣቱ ወረቀቱን ተቀብሎ አየው። «ይቺን ስህተት አውቃታለሁ፤ እኔም ሠርቻታለሁ» አለ። «የስብራቱ ቁጥር አንድ ነው። መጨረሻ ላይ አንዲት ፊደል ትጨመራለች። አንዷ እየዳነ ነው፣ አንዷ ዘግይቷል፣ አንዷ አልገጠመም ማለት ናት። ኮምፒዩተሩ ላይ ከላይ የምትመጣው እየዳነ ነው የምትለው ናት። ወረፋው ሲረዝም ጣት ከላይ ያለውን ይጫናል።»

«ታዲያ ንገራቸውና ይቀየር!» አለ ካቦው፣ የክፍላችን አለቃ የሆነው እስረኛ።

«በእኔ አፍ አይቀየርም። ኮድ የሚሰጥ ሰው ራጅ አያነብም፤ ሐኪሙ የጻፈውን ብቻ ነው የሚያየው። ዶክተሩ አልገጠመም ብሎ ይጻፍ፣ መዝገብ ክፍል ኮዱን የሚሞላው ሰው ያስተካክለዋል። ሲምፕል ነው!»

«ታስሮ ሲምፕል ነው ይላል እንዴ!» አለ አንዱ።

ሁሉም ሳቁ። እኔ አልሳቅኩም።

ከብዙ ልመና በኋላ መርማሪው ለመጨረሻ ጊዜ ፈቀደ። ሽማግሌው ብቻቸውን መራመድ ስለማይችሉ አንድ ሰው ይደግፋቸው አለ። ካቦው ወደ እኔ ዞረ። «አንተ ሂድ። ትከሻ አለህ።»

ይህን ቃል ስመኝ ነው የከረምኩት። ጫማዬን አጠለቅኩ። ወጣቱ ከጎኔ ቆሞ ያስጠናኛል። «ዶክተሩ ለሽማግሌው ነግሬያቸዋለሁ ካለ፣ ነግረዋቸዋል ግን አልጻፉትም በለው። ቆጣ ካለ ዝም በል። እግራቸው መደንዘዙንም ያስገባው። የጻፈውን ሳታይ እንዳትወጣ።»

መጠየቅ ሥራዬ ነው፤ ሐኪሙን አልፈራሁትም። ግን የጻፈው ነገር ጎደሎ ቢሆን በምን አውቃለሁ? ጫማዬን አወለቅኩ።

«እሱ ይሂድ» አልኩ።

«እሱ እኮ ራሱንም አይሸከምም» አለ ካቦው።

«እስከ መኪናው እኔ አደርሳቸዋለሁ። እዚያ ፖሊሱ ያግዘዋል።»

ሽማግሌውን ደግፌ ግቢውን አቋረጥን። ክንዳቸው ከጠበቅኩት በላይ ይከብድ ነበር። ሁለቱን አሳፍሬ የግቢው በር ሲከፈት የተጠበሰ በቆሎ ሸተተኝ። ከዚያ ተዘጋ።

ፀሐይ ሳትጠልቅ ወጣቱ ብቻውን ተመለሰ።

«ሽማግሌውስ?» አለ ካቦው።

«አስተኟቸው! ዶክተሩ መጀመሪያ ተቆጣኝ። ከዚያ ራጁን እንደገና አየና አልገጠመም ብሎ ጻፈ። የመዝገብ ክፍሏ ልጅም አስተካከለችው። አዲሱን ወረቀት ሲያነብ ፖሊሱ ራሱ ሮጦ ዊልቸር አመጣ። ቀዶ ጥገና ያስፈልጋቸዋል ብለዋል።»

ክፍሉ በጭብጨባ ተናጋ። ካቦው አቅፎ ከመሬት አነሳው። እኔም አጨበጨብኩ።

ሦስታችንም ከተፈታን ቆይተናል፤ እኔ ሥራዬ ላይ ነኝ። ስለ ሕሙማን ብዙ ዜና ሠርቻለሁ፤ ሁሉንም አጣርቼ ነው ያወጣኋቸው። ከመካከላቸው አንድን ሰው ከሲሚንቶ ወለል አንስቶ አልጋ ላይ ያስተኛ ዜና ግን አላስታውስም። እሱ በአንድ ጉዞ አደረገው። በዚህ ዛሬም እቀናበታለሁ።

በቅርቡ ሽማግሌውን ካራ መንገድ ዳር አጣና ሲያስጭኑ አገኘኋቸው። ምርኩዝ ይዘዋል፤ ቆመዋል። ሲያዩኝ ፊታቸው በራ። ደህንነቴን ይጠይቁኛል ብዬ እጄን ስዘረጋ፣ «ያ ልጅ እንዴት ነው?» አሉኝ።

«ደህና ነው» አልኳቸው። ስልኬን አውጥቼ ለወጣቱ ደወልኩና ሰጠኋቸው። ሁለቱ ሲሳሳቁ፣ ጨዋታቸው እስኪያልቅ ቆሜ ጠበቅኩ።