ማለቂያ የሌለው አግዳሚ

ትናንት በረንዳው ላይ ተቀምጬ የግቢው በር ሲንኳኳ፣ ሳላስበው አግዳሚው ላይ ፈቀቅ አልኩ። ባለቤቴ ከሞተም ወዲህ ቦታ እለቅለታለሁ። ልጄ አይታኝ «እማዬ፣ ማን ሊቀመጥ ነው?» አለችኝ። ፊቴ በእፍረት ጋለ።

ከዚህ በፊት እንዲህ ያፈርኩት ልጅ ሳለሁ ነበር፤ እዚሁ ጉለሌ፣ የጎረቤት ለቅሶ ድንኳን ውስጥ። አግዳሚው ከእንጦጦ የወረደ፣ ሽታው ገና ያልለቀቀው ባሕር ዛፍ ነበር። የሒሳብ አስተማሪው አጎቴ አጠገቤ ተቀምጦ፣

«ይህ አግዳሚ ማለቂያ ባይኖረው፣ ሞልቶም እንግዳ አይመልስም ነበር» አለኝ።

«ከሞላ የት ይቀመጣል፣ ጋሼ?»

«ሁላችንም በአንድ ሰው ቦታ ፈቀቅ እንላለን። የመጀመሪያው ቦታ ባዶ ይሆናል።»

«መጨረሻ ላይ ያለውስ?»

«መጨረሻ የለውማ፣ አንቺ ሞኝ!»

ወዲያው አንዲት አሮጊት ገቡ። አጎቴ «ጠጋ ጠጋ በሉ!» ሲል ሰው ሁሉ ተንሸራተተ፤ ጫፍ ላይ የነበርኩት እኔ መሬት ላይ ተዘረጋሁ። ለቀስተኛው ሳቁን በነጠላው ሸፈነ። በእኔ የተነሳ ለቅሶ ቤት ተሳቀ ብዬ አነባሁ። አጎቴ ቀሚሴን እያራገፈ፣

«አይዞሽ፣ ስሌቱ ልክ ነው፤ ያጠረው አግዳሚው ነው» አለኝ።

ትናንት ለልጄ «ማንም አይቀመጥም» አልኳት። እያፈርኩም ቢሆን ግን ወደ መሃል አልተመለስኩም፤ ጫፉ ላይ እንደተቀመጥኩ አመሸሁ።