ሚዜዬን በቁሟ ቀበርኳት

ይህን ለማንም ተናግሬ አላውቅም። ለሚስቴም፣ ለንስሐ አባቴም አልነገርኩም። ለንስሐ አባቴ ያልነገርኩት ቅጣት ፈርቼ እንዳይመስላችሁ። ጾም መግደፌን ስናዘዝ ስግደት ያዙኛል፤ ይሄንን ብነግራቸው ግን «አበጀህ» እንዳይሉኝ ነው የሰጋሁት። በኃጢአቱ የሚመሰገን ሰው የት ሄዶ ይናዘዝ? እንግዲህ እናንተ ስሙኝ።

ካናዳ፣ ካልጋሪ ከተማ፣ ሳድል ሪጅ የሚባል ሰፈር ካለው ቤቴ ቤዝመንት ውስጥ የአማርኛ የዩቲዩብ ዝግጅት እሠራ ነበር። በሥራ ቀን የጭነት መኪና እነዳለሁ፤ ቅዳሜ ቅዳሜ ካሜራ ፊት ተቀምጬ በሰው እስቃለሁ። ብዙ ተመልካች ያመጡልኝ ጾታቸውን በቀየሩ ሰዎች ላይ የተሳለቅኩባቸው ዝግጅቶች ነበሩ። ከነሱ አንድም ሰው አላውቅም ብዬ አስብ ነበር።

አንድ ቀን ሊያ ደወለችልኝ። ሊያ በሠርጌ ቀን በቀኜ የቆመች አንደኛ ሚዜዬ ናት። ያኔ በወንድ ስም ነበር የምትጠራው፤ ሱፍ ለብሳ ነው ያጀበችኝ። ያንን ስም እዚህ አልጽፈውም፤ ያደረግኩት ይበቃል። ከሠርጌ በኋላ ከካልጋሪ ወጣ ብላ ያለች ኮክረን የምትባል ከተማ ገብታ ከሐበሻ ስትርቅ ሥራ በዝቶ ነው እንል ነበር። ለካ እዚያ ሴት ሆና ትኖር ኖሯል። ዝግጅቴን ስታይ ከርማ ነው የደወለችው፤ ደግሞም አልሰደበችኝም።

«በአማርኛ ስለ እኛ የሚያወራ ሁሉ ወይ ይስቃል ወይ ይረግማል» አለችኝ። «አንድ ጊዜ እኔ ራሴ ልናገር። ብቻ ፊቴ እንዳይለይ ብለር አድርገው፣ ድምፄንም ቼንጅ አድርግልኝ። እማዬ አልሰማችም። ለፋሲካ አዲስ አበባ ሄጄ በራሴ አፍ ነው የምነግራት።»

ቃል ገባሁላት። ሚዜ ወንድም ነው አይደል የሚባለው?

መጥታ ሁለት ሰዓት ተናገረች። ስለ ልጅነቷ ነገረችኝ። በየሰፈራችን እንደሷ ሆነው ሲሳቅባቸው ስለኖሩ፣ ያለ ፍላጎታቸው ስለተዳሩ፣ መጠሪያ እንኳ ሳይኖራቸው ስላለፉ ሰዎች ነገረችኝ። እዚህ ካልጋሪ ስላገኘቻቸውና በወር አንዴ አብራቸው ስለምትበላው ሰዎችም አወራችልኝ። እኔም እንባ አቀረርኩ። ማስመሰል አልነበረም፤ ያ ነው የባሰው።

ሰኞ ዕለት ሁለቱን ሰዓት ቆርጬ ስምንት ደቂቃ አደረግኩት። ያለቀሰችበት ቦታ ላይ የሰው ሳቅ ጨመርኩበት። ከዚያ የሠርጌን ቪዲዮ አስገባሁ። የሚዜዬን ፊት ሸፈንኩ፤ ሸፍኛለሁ ለማለት ያህል። ከሙሽራው በስተቀኝ የሚቆመው ማን እንደሆነ የማያውቅ ሐበሻ አለ? ያ የሠርግ ፎቶ አዲስ አበባ እናቷ ቤት ግድግዳ ላይ እንደተሰቀለስ አላውቅም ነበር? አውቃለሁ። በፍሬም አድርጌ የላክሁት እኔ ነኝ።

የአፍ ወለምታ በቅቤ አይታሽም ይላሉ። የኔ ወለምታም አልነበረም። ሻይ እየጠጣሁ፣ ደጋግሜ እያየሁ ነው ያደረግኩት። ለምን? ተመልካች ፈልጌ ነው፣ አልዋሽም። ከሁሉ በላይ ግን በሠርጌ ቀን አቅፋኝ የጨፈረችው እሷ ስለሆነች፣ ነገ ሰው በኔ እንዳይስቅ ዛሬ ቀድሜ ልሳቅባት ብዬ ነው። ፈሪ ነኝ። ፈሪ ደግሞ ጨካኝ ነው።

በሦስተኛው ቀን እናቷ እማማ በላይነሽ ደወሉ። ለሷ ሳይሆን ለኔ ነው የደወሉት። ጎረቤት በስልክ አሳይቷቸዋል።

«ልጄ፣ አንተ ወንድሙ ነህ። ውሸት ነው በለኝ» አሉኝ።

ከልጅዎ አፍ ይስሙት ማለት አቅቶኝ ነበር? አላቃተኝም።

«እውነት ነው እማማ» አልኩ። «ልጅዎ ሞቷል ብለው ይቁጠሩት።»

እሳቸውም ቆጠሩት። ጥቁር ለበሱ፣ ፎቶውን አወረዱ፣ ሊያ በየእሁዱ ስትደውል ስልኩን ማንሳት ተዉ።

የእናቷ ጥቁር መልበስ እዚህ ሲወራ፣ ሰው በሕይወት እንዳለች እያወቀ ሊያጽናናኝ ቤቴ መጣ። ሚዜው ለሞተበት ለቅሶ ይደረሳል፤ እኔም በቁሟ ላለች ሰው ለቅሶ ተቀመጥኩ። እሁድ ከሰዓት ሊያ እናቷ ስልክ የማያነሱት ቪዲዮውን አይተው እንደሆነ ልትጠይቀኝ ከኮክረን ነድታ መጣች። በር ላይ የተኮለኮለውን ጫማ ስታይ ደነገጠች። የመጣችበትን ረስታ የራሷን ጫማ ልታወልቅ ጎንበስ አለች።

«ማን ሞተ?» አለችኝ።

«ሚዜዬ» አልኳት።

ከኋላዬ የተቀመጡትን አየች። ቀና ያለ አልነበረም። የፈታችውን የጫማ ማሰሪያ መልሳ አሰረችና ሄደች። እኔ በሩን ዘጋሁ።

ቪዲዮውን በኋላ አጥፍቼዋለሁ። አይቆጠርልኝ፤ ሌሎች ገልብጠው ዛሬም ይስቁበታል።

ባለፈው ወር እማማ በላይነሽ አረፉ። የሊያ አክስት ለኔ ደውለው አረዱኝ። ሊሞቱ ሰሞን ያንን ፎቶ አስመጥተው ራስጌያቸው እንዳስቀመጡት ነገሩኝ። ለሊያ መርዶውን ማን ይንገራት ብዬ ስጠይቅ «አንተ አይደለህ ሚዜው» አሉኝ።

መርዶ በማለዳ፣ ሰው ተሰብስቦ ነው የሚነገረው። ማንን ልሰብስብ? ሰዉን ሁሉ ለሐሰተኛው ለቅሶ ጨርሼዋለሁ። ብቻዬን ሦስት ጊዜ በማለዳ ኮክረን ድረስ ነዳሁ። የሥራ ልብሷን ለብሳ ወጥታ የመኪናዋን መስታወት በረዶ ስትፍቅ መንገድ ማዶ መኪናዬን አቁሜ አየኋት። ሦስቱንም ጊዜ ሳልወርድ ተመለስኩ።

ይቅር በሉኝ አልላችሁም፤ የበደልኩት እናንተን አይደለም። እናንተ የእናቷን ሞት ከሷ ቀድማችሁ ሰማችሁ፤ ይኸው፣ አሁንም እሷን ትቼ ለሰው አወራሁ። አክስቷ ትናንት እንደነገሩኝ የእማማ ስልክ ዛሬም በየእሁዱ ይጠራል።