አማቴ፣ እኔና የሐረጉ ደረጃ

ሥራዬ ዕቅድ ማውጣት ነው። አምቦ ውስጥ ካለ አንድ መሥሪያ ቤት፣ በሩ ላይ «የዕቅድና ክትትል ባለሙያ» የሚል ወረቀት የተለጠፈበት ክፍል ውስጥ እቀመጣለሁ። ክትትሉን እንተወው፤ ዕቅዱን ግን አሳምሬ ነው የማወጣው። ግብ፣ ዓላማ፣ ዝርዝር ተግባር፣ ስጋትና መልካም አጋጣሚ፣ ሁሉም በሠንጠረዥ፣ ሁሉም በቀለም። ካወጣኋቸው ውስጥ በታሰበው መንገድ የተፈጸመ አንድም አላስታውስም። እቤቴም ያው ነኝ። የጓሮውን አጥር ለማሳጠር ካቀድኩ ወዲህ ጎመናችንን የጎረቤት በጎች እየበሉት ነው፤ አጥሩ መታቀዱን በጎቹ አልሰሙም።

ባለቤቴ ዱሬቲ ነርስ ናት። እናቷ የሚኖሩት ባኮ ነው፤ ባላቸው ከሞቱ ጀምሮ ብቻቸውን በቆሎ እያስመረቱ። አንድ ክረምት ጭቃ አዳልጧቸው ወደቁና ቀኝ እጃቸው ተሰበረ። ዱሬቲ አምቦ አምጥታ አሳከመቻቸውና እኛ ዘንድ አስቀመጠቻቸው። እንግዳ ደራሽ፣ ውሃ ፈሳሽ ብዬ ተቀበልኩ።

እዚህ ላይ ስለ ወጋችን ትንሽ ልናገር። በእነ አማቴ ወግ አማትና አማች ይከባበራሉ። ይከባበራሉ ሲባል እንዲያው በአፍ አይደለም፤ ፊት ለፊት አይነጋገሩም፣ በአንድ ማዕድ አይበሉም፣ በስም አይጠራሩም። ዛሬ ዛሬ ብዙ ሰው ትቶታል። አማቴ ግን አልተዉትም፤ እኔም የዘመኑ ሰው ነኝ ብዬ ቀድሜ ለመተው ወኔው አልነበረኝም። ከዱሬቲ ጋር ከተጋባን ጀምሮ ከእናቷ ጋር አንዲት ቃል በቀጥታ ተለዋውጠን አናውቅም። እሳቸው ዘንድ ስሜ «ሰውየሽ» ነው። የእሳቸውን ስም ደግሞ እኔ ጠርቼው አላውቅም፤ ይኸው እዚህም እየጻፍኩ አልጠራሁትም።

አማት ባኮ፣ አማች አምቦ ሲሆኑ ይህ በጣም የሚመች ወግ ነው። አንድ ሳሎን ውስጥ ሲገናኙ ግን ጉድ ነው። አማቴ ቴሌቪዥኑ ፊት ያለው የእኔ ወንበር ላይ ተቀመጡ። እሳቸው ባሉበት እግሬን አልዘረጋ፣ አልበላ፣ ኳስ እያየሁ አልጮህ። ምሳዬን ወጥ ቤት ገብቼ፣ ከከሰሉ ማዳበሪያ አጠገብ ቆሜ መብላት ጀመርኩ። ጉዳይ ሲኖር በዱሬቲ በኩል ነው። «ዱሬቲ፣ እናትሽ ሻይ ይጨመርላቸው እንደሆነ ጠይቂልኝ» እላለሁ፣ እናቷ እጄን ብዘረጋ የምደርስባቸው ቦታ ተቀምጠው። «ዱሬቲ፣ ሰውየሽ ይጠጣ፣ እኔ በቅቶኛል በዪው» ይላሉ። አንድ ቀን ዱሬቲ «እኔ ቴሌ ነኝ እንዴ? በቃ፣ ኔትዎርክ የለም!» ብላን ተነሥታ ወጣች።

ጄሶው ሲፈታ ሐኪሙ ጣቶቻቸውን እንዲያንቀሳቅሱ መከራቸው። ዱሬቲም አሮጌ ስልኳን ሰጠቻቸው። ስልኩ ላይ ፍራፍሬ መገጣጠሚያ ጨዋታ ነበር። ታውቁታላችሁ፤ ሦስት ብርቱካን ወይም ሦስት ሙዝ በአንድ መስመር ሲገጥም ይፈነዳና ከላይ ሌላ ይወርዳል። ኢንተርኔት አይፈልግም፤ በዚያ ሰሞን እኛ አካባቢ ኢንተርኔት ስላልነበረ ይህ ትልቅ ጸጋ ነበር። አማቴ መጀመሪያ በአንድ ጣት፣ በኋላ በሁለት፣ በመጨረሻ በሙሉ ልባቸው ገቡበት። ደረጃ በደረጃ ሲያልፉ ቆዩና አንዱ ላይ ቀጥ አሉ። ሐረግ ያለበት ደረጃ ነው። አንድ እርምጃ በሄዳችሁ ቁጥር ሐረጉም ይሳባል፣ ፍሬውን ይጠመጥማል፣ ዝም ካላችሁት ሰሌዳውን በሙሉ ይሸፍነዋል። አማቴ ደጋግመው ተሸነፉና ጠረጴዛውን በደህናው እጃቸው ጠፍ አድርገው፣ «ዱሬቲ፣ ይቺን ሳላልፍ ከዚህ ቤት ንቅንቅ አልልም!» አሉ።

ዱሬቲ ሳቀች። እኔ ወጥ ቤት ሆኜ ስሰማ ጉርሻዬን እንደያዝኩ ቆምኩ። የዕቅድ ባለሙያ እንዲህ ያለ ጥርት ያለ ግብ በዕድሜው አንዴ ቢገጥመው ነው። ደረጃው ይታለፋል፤ እሳቸው ወደ ባኮ፣ እኔ ወደ ወንበሬ።

ዘዴውን ተምሬ ላቀብላቸው ብዬ ጨዋታውን ከዱሬቲ ስልክ ወደ እኔ ስልክ አሻገርኩና ከመጀመሪያው ደረጃ ጀመርኩ። እሳቸው ዘንድ ለመድረስ ሳምንታት ፈጀብኝ። ጊዜው የሩብ ዓመት ሪፖርት የሚዘጋጅበት ስለነበር አለቃዬ ቀኑን ሙሉ አቀርቅሬ አይቶኝ በስብሰባ ላይ በትጋቴ አመሰገነኝ። ቀና ብዬ እጅ ነሣሁና ወደ ሙዜ ተመለስኩ።

ጨዋታው የሚሰጣችሁ ልቦች አሉ፤ በተሸነፋችሁ ቁጥር አንድ ልብ ይጠፋል፣ ካለቀ እስኪሞላ መጠበቅ ነው። የመሥሪያ ቤታችን ጸሐፊ ዶርቃስ አዘነችልኝና «ኦቦ ሚልኬሳ፣ ምን ያስጠብቅዎታል? የስልክዎን ሰዓት ወደ ፊት ያስኪዱት፣ ይሞላል» አለችኝ። ሲሉ ሰምታ ዶሮ ታንቃ ሞተች። ሰዓቱን አሻገርኩ፣ አልበቃ ሲለኝ ቀኑን አሻገርኩ፣ መመለሱን ረሳሁ። ስልኬ ሰኞ ነው ሲለኝ ክራባቴን አስሬ ወጣሁ። ዱሬቲ ተረኛ ሆና ሆስፒታል ነበረች። አማቴ ክራባቴን በመገረም አይተውታል፤ ግን በማን በኩል ይንገሩኝ? የመሥሪያ ቤቱ ዘበኛ «ኦቦ፣ ዛሬ እሁድ ነው እኮ» አለኝ። «አስቸኳይ ዕቅድ አለ» ብዬ ገባሁና እስከ ምሳ ሰዓት ተጫወትኩ።

የተማርኩትን ልንገራችሁ፤ እኔን ባይጠቅመኝ እናንተን ይጥቀም። ጨዋታው «ይህን አንቀሳቅስ» እያለ ሲያብለጨልጭላችሁ አትስሙት፤ እንድትሸነፉለት ነው የሚፈልገው። ከታች ጀምሩ፤ የታችኛው ሲፈነዳ የላይኛው እየወረደ ራሱ ይገጣጠምላችኋል። ሦስት አገኘሁ ብላችሁ አትሩጡ፤ አራተኛው ቅርብ ከሆነ ጠብቁት፣ አራት ሲገጥም መስመሩን ጠራርጎ የሚወስድ ፍሬ ይወለዳል። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች የተባለው ለዚህ ጨዋታ ይመስለኛል። ፍሬም ሐረግም መትቶ የሚያጠፋ መዶሻ ሲሰጧችሁ ደስ ብሏችሁ በመጀመሪያው እርምጃ አትጨርሱት፤ እኔ ሁልጊዜ እጨርሰው ነበር። ከሁሉ በላይ ግን ሐረጉ ነው። በአንድ እርምጃ አንዲት ሐረግ እንኳ ከቆረጣችሁ በዚያ እርምጃ አያድግም። ስለዚህ ፍሬውን እርሱትና ሐረጉን ቅደሙት። ይህን ማንም ሕፃን በአንድ ቀን ያውቀዋል፤ እኔ ዲግሪ ስላለኝ ትንሽ ቆየሁ።

ያወቅኩትን በዱሬቲ በኩል መላክ ጀመርኩ። «ሐረጉን ይቅደሙት በያቸው።» «ታዲያ ሙዙን ማን ይሰብስበው? በዪው።» ዱሬቲ ወደ ሥራ ስትሄድ ግን መስመሩ ይቋረጣል። አንድ ከሰዓት በኋላ ደጃፉ ላይ ተቀምጬ አማቴ ከላይ፣ ከላይ ብቻ ሲነካኩ አየሁና አላስችል አለኝ። ቤታችን ድመት ነበረች። ወደ እሷ ዞርኩና «አንቺ ድመት፣ ከታች ብትጀምሪ ምናለ?» አልኳት።

አማቴ ነጠላቸውን ወደ ፊታቸው ሳብ አደረጉ። ከዚያ እሳቸውም ለድመቷ፣ «ከታች ጀምረን አይተነዋል፤ ሐረጉ ከላይ መጣብን» አሏት።

ከዚያ ቀን ጀምሮ አምቦ ውስጥ የዚያችን ድመት ያህል ምክር የሰማ ፍጡር አልነበረም። መጀመሪያ ስለ ሐረግ ብቻ ነበር። ቀስ እያለ ስለ ባኮ ሙቀት፣ በቆሎ ስለሚሰርቁ ጦጣዎች፣ ዱሬቲ በልጅነቷ ትምህርት ቤት ላለመሄድ ጎተራ ውስጥ ስለተደበቀችበት ቀን ሆነ። አማቴ ጨዋታ አዋቂ ናቸው ለካ፤ ዝም ያሰኛቸው የእኔ ፊት ነበር። ድመቷ ሰልችቷት ልትወጣ ስትል ሁለታችንም በአንድ አፍ «ነይ! ነይ!» እንላለን። እኔም ከሥራ እንደወጣሁ በባጃጅ ወደ ቤት መክነፍ አመጣሁ። እናቴ የሞተችው ልጅ ሳለሁ ነው። ባመሸሁ ቀን አማቴ ድመቷን «ሰውየው ዛሬ ዘገየ፣ አይደል?» ሲሏት ከደጅ ስሰማ ደስ ይለኝ ነበር፤ በጣም ደስ ይለኝ ነበር። ኳስ የሚባል ነገር መኖሩንም ረሳሁ። ጨዋታውን ለምን እንደጀመርኩትም ረሳሁ።

አወቅሽ አወቅሽ ሲሏት የባሏን መጽሐፍ አጠበች ይባላል። አንድ እሁድ ዱሬቲና እናቷ ጸሎት ቤት ሄደው እኔ ቤት ቀረሁ። የአማቴ ስልክ ግድግዳው ላይ ቻርጅ ተሰክቷል። ለምን አላስደስታቸውም ብዬ ከፈትኩት። ሐረጉን ቀደምኩት፣ አራት አራቱን ጠበቅኩ፣ መዶሻውን ለመጀመሪያ ጊዜ በሕይወቴ አስቀመጥኩ። የተፈቀደው እርምጃ ሊያልቅ ሲል አንዲት ሐረግ ጥግ ላይ ቀረች። በመዶሻው መታኋት። ርችቱ ተተኮሰ፣ እኔም ጮህኩ፣ ድመቷ በመስኮት ወጣች። ስልኩን በቦታው መልሼ፣ የሚመሰገን ሰው እንደሚቀመጥ ተቀመጥኩ።

አማቴ ገቡ፤ ስልኩን አነሱ፤ ረዘም ላለ ጊዜ አዩት።

«ማነው ያለፈው?» አለች ዱሬቲ በትከሻቸው በኩል እያየች።

«እኔ ነኛ!» አልኩ ደረቴን ነፍቼ።

አማቴ ስልኩን አጥፍተው ጠረጴዛው ላይ አስቀመጡት። «ዱሬቲ፣ ነገ በጠዋት መኪና አሳፍሪኝ። ቃሌን ሰጥቻለሁ» አሉና ወደ ክፍላቸው ገቡ። እኔ ቀልድ መሰለኝ።

ጠዋት ስነሣ ዱሬቲ ከመናኸሪያ ተመልሳ ጫማዋን እያወለቀች ነበር።

«ደስ አለህ?» አለችኝ።

«ምን አደረግኩ?»

«ወጥ ቤት ቆመህ እንደምትበላ፣ ወንበርህን እንደምትናፍቅ ከመጀመሪያው ቀን ታውቃለች። ያቺን ደረጃ ሰበብ አድርጋ ነው የቆየችው። ባኮ ማን አላት? አንተ በሌለችበት ስልኳን ከፍተህ ሰበቧን ጨረስክባት። በሩ ያውና አልካት እኮ!»

«እኔ እንዲደሰቱ ብዬ ነው!»

«ለማን ነገርከው? ለድመቷ?»

የሚያሳፍረው ደግሞ ዱሬቲ የማታውቀው ነበር። ግብ፦ ደረጃውን ማለፍ። ውጤት፦ አማት ወደ ባኮ። በዕድሜዬ ካወጣኋቸው ዕቅዶች ሁሉ በታሰበው መንገድ የተፈጸመው ይሄ ብቻ ነው። ወንበሬ ላይ ተቀመጥኩ። ቴሌቪዥኑ ፊት ለፊቴ ነው፤ እግሬን ዘረጋሁ። ልቅሶ ቤት መሰለኝ።

«መኪናው ወጥቷል?» አልኩ።

«ሲሞላ ነው የሚወጣው። እኔ ስመጣ ገና ነበር።»

ባጃጅ ያዝኩ። መንገዱን ሙሉ የምናገረውን አዘጋጀሁ፤ መግቢያ ነበረው፣ ዋና ዋና ነጥቦች ነበሩት፣ ማጠቃለያም ነበረው። መናኸሪያ ስደርስ ረዳቱ «ባኮ! ነቀምቴ! የቀረው አንድ ሰው!» እያለ ይጮሃል። አማቴ መስኮት ጥግ ተቀምጠዋል። ቀርቤ ቆምኩ። መግቢያውም ነጥቦቹም ከአእምሮዬ በነኑ።

«አይሂዱ» አልኩ።

አማቴ ወደ ግራ አዩ፤ ወደ ቀኝ አዩ። አጠገባቸው ማዳበሪያ የታቀፈ ሰውዬ ነበር። «ሰውየው ለማን ነው የሚናገረው?» ብለው ጠየቁት።

ሰውዬው ግራ ገባው። «ለእርስዎ መሰለኝ። አይሂዱ ነው የሚልዎት።»

«ለምን ይላል በለው።»

ሰውዬው ወደ እኔ ዞሮ «ለምን ይሉሃል» አለኝ።

«ተወው ወንድሜ፣ አንተ አትልፋ» አልኩትና አንገቴን በመስኮቱ አስገባሁ። «ለእርስዎ ነው፤ ለእርስዎ ለራስዎ ነው የምናገረው። መጀመሪያ ይሂዱልኝ ብዬ ነው የጀመርኩት፣ አልዋሽዎትም። ትላንት ግን እንዲደሰቱ ብዬ ነበር። ቤቱ ያለ እርስዎ አልሆነልኝም። ማሎ፣ እባክዎ ይውረዱ።»

አማቴ ነጠላቸውን እስከ ዓይናቸው ሳቡት። ከነጠላው ውስጥ ምን እንዳለ አይታየኝም። ሾፌሩ ክላክስ አደረገ፤ ረዳቱ «ኦቦ፣ ይገባሉ ወይስ ይወጣሉ?» አለኝ። ያለቀልኝ መሰለኝና አንገቴን ከመስኮቱ አወጣሁ።

«ሻንጣዬ ጣሪያው ላይ ነው» አሉ አማቴ፣ ማንንም ሳያዩ።

ረዳቱ እስኪወጣ አልጠበቅኩም። በመሰላሉ ወደ ጣሪያው ወጣሁ፤ ሱሪዬ ከብረቱ ላይ ተያዘና ተቀደደ። ከላይ የማዳበሪያ፣ የጀሪካንና የሻንጣ ክምር ነው። ያገኘሁትን አንድ ጥቁር ሻንጣ መፍታት ጀመርኩ። ያኔ አማቴ ነጠላቸውን ከፊታቸው ገፈፉ፤ አንገታቸውን በመስኮት አወጡ፤ መናኸሪያው በሙሉ እየሰማ ጮኹብኝ።

«ሚልኬሳ! ሚልኬሳ፣ እሱ አይደለም! ቀዩ! ቀዩ ነው አልኩህ!»

ቀዩን አወረድኩ።